ኦሌፒካ ያላሳየችው ፊልም

ነጮቹ ካሜራ ይዘው ወደ ሰሜኑ የበረዶ መንደር ወደ ኑቩክ የገቡ ዕለት ኦሌፒካ የወተት ጥርሶቿን ነቅላ ያልጨረሰች ልጅ ነበረች። መንደሩ ያን ጊዜ በባሕሩ ዳር የተደረደሩ ጥቂት የሳንቃ ቤቶች፣ አንድ ሱቅና አንዲት ቤተ ክርስቲያን ነበር። እንግዶቹ የሳንቃውን ቤት አልወደዱትም። ከመንደሩ ወጣ ብሎ የቆዳ ድንኳን አስተከሉ። የኦሌፒካን እናት ቱሊክን አበባ ያለበትን የሱቅ ቀሚሷን አስወልቀው፣ ከጎረቤት የተዋሱትን የአጋዘን ቆዳ አለበሷትና አቆስጣ በሚባለው የባሕር እንስሳ ስብ ከሚነድ ኩራዝ ፊት አስቀመጧት። ሰው ሁሉ ወደ ናፍጣ ምድጃ ከዞረ ቆይቶ ስለነበር፣ ኩራዙን ሳያጨስ መለኮስ የሚችል ሰው ፍለጋ ብቻ ብዙ ደከሙ።

«የምትሰፊውን ጫማ ይዘሽ የፈለግሽውን አውሪ ብለውሻል» አላት አስተርጓሚ ሆኖ የመጣው ጎረምሳ። ከዚያ ሲጋራውን ሊያጨስ ወጣ።

ቱሊክ ጫማውን ጭኗ ላይ አደረገች። ኦሌፒካ ከድንኳኑ አፍ ቆማ ታያት ነበር። የኦሌፒካ ታላቅ ወንድም ሳሉ ደረቱን አሞት፣ በበጋ በሚመጣው የበሽተኞች መርከብ ተጭኖ ወደ ደቡብ ከተወሰደ ወዲያ አልተመለሰም። ሞቷል የሚል ወሬ መጣ፤ ሌላ ነገር አልመጣም። ቱሊክ ቀና ብላ ካሜራውን እንደ ሰው ዐይን ዐይኑን እያየች ተናገረች።

«ልጄን ወስዳችሁብኛል። ስሙ ሳሉ ነው። ሞቷል አላችሁን፤ ይሁን፣ ሰው ይሞታል። የቀበራችሁት ግን የት ነው? ላዩ ላይ ድንጋይ አኖራችሁለት? ይህን ብቻ ንገሩኝ፤ ሌላ አልጠይቃችሁም።»

ነጮቹ ራሳቸውን ነቀነቁላት፤ ፈገግ አሉላት። ሻይና ብስኩት ሰጥተዋት፣ ካሜራቸውን ጠቅልለው ሄዱ።

ኦሌፒካ ያንን ፊልም ያየችው ከዓመታት በኋላ፣ ለትምህርት ተብላ በተላከችበት የደቡብ አዳሪ ትምህርት ቤት ውስጥ ነው። መምህሩ መጋረጃውን ዘግቶ «ዛሬ የኦሌፒካን አገር እናያለን» አለ። ጥሬ ሥጋ የሚበላ ሰው ሲታይ ክፍሉ በሳቅ ፈነዳ። ቀጥሎ እናቷ ብቅ አለች። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል፤ የሚሰማው ግን የአንድ ወንድ ወፍራም ድምፅ ነው፦ «ይህች ደስተኛ እናት ለክረምት የሚሆን ጫማ እንዴት እንደሚሰፋ ታስረዳናለች።» ኦሌፒካ ከወንበሯ ተነሥታ ጆሮዋን ከድምፅ ማጉያው ጋር አጣበቀች። ከሰውየው ድምፅ ሥር፣ ውኃ ውስጥ እንዳለ ሰው፣ እናቷ ትሰማለች። «...የቀበራችሁት ግን የት ነው?...»

«ኦሌፒካ፣ ቁጭ በይ» አለ መምህሩ።

በበጋው ወደ ቤቷ ስትመለስ ለእናቷ ነገረቻት። ባትነግራት ይሻል እንደነበር የገባት ቃሉ ከአፏ ከወጣ በኋላ ነው።

«ጫማ?» አለች ቱሊክ። መርፌዋን ከጨርቁ ነቅላ ሰካችው፤ እንደገና ነቀለችው። «ራሳቸውን ነቅንቀውልኝ ነበር እኮ። ገብቷቸዋል ብዬ! እኔ ሞኟ በየዓመቱ መርከብ በመጣ ቁጥር ዛሬ እንኳ መልሱን ይዘው ይሆናል እያልኩ ባሕር ዳር ስወርድ!»

ቱሊክ ከዚያ ወዲያ ስለዚህ ነገር አፍ ከፍታ አልተናገረችም። መርከቡም ሲመጣ ባሕር ዳር መውረድ ተወች። ጥቂት ዓመታት ቆይታ ሞተች።

ኦሌፒካ ካሜራ የነካችው የሃያዎቹን ዕድሜ ስታጋምስ ነው። ለሰሜን ሰዎች የቪዲዮ ሥራ የሚያስተምሩ ሰዎች መጡና፣ ከመንደሩ ፈቃደኛ ሲጠፋ እሷ እጇን አወጣች። ሥራው ከውርጭ ጋር ትግል ነው። ባትሪው ብርድ ሲነካው ይሞታል፤ ስለዚህ ደረቷ ውስጥ ሸጉጣ ታሞቀዋለች። ከውጭ ወደ ቤት ሲገባ የካሜራው መስተዋት ያልበዋል፤ ስለዚህ ካሜራውን በረንዳ ላይ አቆይታ፣ እስኪለምድ ድረስ ከባለቤቶቹ ጋር ሻይ ትጠጣለች። አሮጊቶቹ አልራሩላትም።

«ኦሌፒካ መጣች፤ ሆዳችሁን ሳብ አድርጉ!»

«ደረትሽ ላይ ያለው ምንድን ነው? ባትሪ? ምስኪን ባልሽ! እሱ እንኳ እንዲህ አልሞቀው።»

ባሏም እውነትም ሞቅ ያለ ቤት ፍለጋ መሰለኝ፣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ከሌላ መንደር ሌላ ሚስት አገባ። ኦሌፒካ አልተከተለችውም። ሽማግሌዎቹን ስትቀርጽ፣ የድሮ የአደን ሰፈሮችን፣ የመቃብር ኮረብታዎችን፣ የሞቱ ሰዎችን ታሪክ ስትለቅም ኖረች። አንድ ሕግ ነበራት፦ ሰው ሲናገር ሌላ ድምፅ አይደረብበትም። በደቡብ ያሉት የቪዲዮ ሥራው አለቆች «ሰውየው ዝም ያለበት ቦታ ረዘመ፤ ቁረጪው» ሲሏት፣ «እያሰበ ነው እኮ፤ አስቦ ይጨርስ እንጂ» ትላቸዋለች። ሳይወዱ ይተዉታል።

ጠጉሯ ሽበት መዝራት ሲጀምር ትልቁን ፊልም ልትሠራ ተነሣች። ታሪኩ የአባቷና የእናቷ ነው፦ መርከብ ልጃቸውን የወሰደባቸው ባልና ሚስት። አባቷን ሆኖ እንዲጫወት የመረጠችው ኢኖኪ የሚባለውን ወጣት አዳኝ ነበር። ለመምረጧም ምክንያት ነበራት። ኢኖኪ የተወለደው የኦሌፒካ አባት በሞተ በወሩ ስለሆነ የሟቹ ስም ወጥቶለታል። ስም ሲወርስ ሰው ዝምድናውንም አብሮ ይወርሳልና፣ ኦሌፒካ ይህን ልጇ ሊሆን የሚችል ጎረምሳ «አባቴ» ትለዋለች፤ እሱም «ልጄ» ይላታል። እናቱን ሚያሊያንም፣ በዕድሜ ብዙም ሳትበልጣት፣ «አያቴ» እያለች ትጠራታለች። ሚያሊያ ፊልሙን ለሚቀርጹት ሰዎች የአጋዘን ሾርባና ቂጣ ታበስል ነበር።

«ልጄ፣ እግሬ ደነዘዘ» ይላል ኢኖኪ በረዶው ላይ ቆሞ። «አባትሽን በብርድ ልትገድይው ነው?»

«አባቴ፣ አንዴ ብቻ ድገምልኝ።»

«ቅድምም አንዴ ብለሽኝ ነበር። ነጮቹ ይሻሉ ነበር፤ እነሱስ ብስኩት ይሰጣሉ!»

እዚያ ያለው ሁሉ ይሥቃል። የአገር ሽማግሌ የሆነው አባባ ኩፓክ እንኳ፣ ፊልሙ ውስጥም የሰፈር ሽማግሌ ሆኖ የሚጫወተው፣ ጥርስ የሌለው ድዱን እያሳየ ይንከተከታል።

ፊልሙን ለማሠራት ከደቡብ የመጣው ኮሊን የሚባል ሰው ነበር። ክፉ ሰው አልነበረም። መጀመሪያው ላይ የበረዶ ጎጆና ከበሮ እንድታስገባ ግን ወተወታት። «ተመልካቹ የት እንዳለ እንዲገባው ነው» አላት።

«እናቴ ያን ጊዜ የምትኖረው በሳንቃ ቤት ነው» አለችው። «ከበሮ የሚመታ ሰውም አልነበረም፤ ሁሉም ያስል ነበር።» ኮሊን እጁን ሰጠ።

ከሁሉ የከበደው መርከቡ ሲሄድ አባትየው በባሕሩ ዳር እየሮጠ ልጁን የሚጠራበት ቦታ ነው። ኦሌፒካ ለኢኖኪ «ሩጥ፤ ጥራው» ብቻ አለችው። ሮጠ። ጠራው። ድምፁ ተሰነጠቀ። ከዚያ ድንጋዩ ላይ ተቀመጠና ፊቱን በጓንቱ ሸፍኖ ማልቀስ ጀመረ፤ አላቆመም። ኦሌፒካ «በቃ» ማለቱን ረሳች። ካሜራው ዝም ብሎ ቀረጸ። መጨረሻ ላይ ተነሥቶ ንፍጡን ጠርጎ «ልጄ፣ በዛ እንዴ?» አላት።

«አባቴ፣ እንደዚህ ያለ ነገር በዕድሜዬ አላየሁም» አለችው። ደስ ብሏት ሻይ ቀዳችለት።

ፊልሙ ተጠናቆ፣ ከባሕር ማዶ ወዳለ ትልቅ የፊልም በዓል መጠራቱን ኮሊን በስልክ አበሠራት። ኢኖኪም አብሯት ሊሄድ ከዘመድ ሱፍ ተዋሰ፤ እጅጌው ክርኑ ላይ ሊደርስበት ምንም አልቀረው። በኅብረት ሱቁ ውስጥ ለብሶ ሲንጎራደድ ሰዉ በሳቅ አለቀ። «ሚኒስትር መሰልኩ ወይስ የሚኒስትር በረኛ?» ይል ነበር።

በዚያው ሳምንት፣ በጠራራ ፀሐይ፣ አቆስጣ ሊያድን በበረዶ ላይ በሚነዳው ሞተሩ ወጣ። የባሕሩ በረዶ በዚያ ወቅት የአያቶቹ ውሾች የሚስቡት ጋሪ ሳይፈራ ያልፍበት የነበረ ነው፤ የዘንድሮው ግን ከሥሩ ተበልቶ ነበር። የሞተሩን ዱካ ተከትለው የሄዱት ሰዎች ዱካው ጥቁር ውኃ ጋ ሲያልቅ አገኙት። ለቀናት በመንጠቆ ፈልገው አወጡት። አፈሩ ስለማይቆፈር ኮረብታው ላይ ድንጋይ ከምረው ቀበሩት።

ሚያሊያ ከቀብሩ በኋላ ኦሌፒካ ቤት መጣች። ካፖርቷን አላወለቀችም።

«ፊልሙን አታሳዪ» አለች።

«ባሕር ማዶ ነው ማለትሽ ነው ወይስ...»

«የትም። ልጄ ከውኃ ወጥቶ ገና አልደረቀም። ሰው ጨለማ ውስጥ ተቀምጦ ፈንዲሻ እያኘከ እንዲያየው አልፈልግም።»

«አያቴ፣ እስኪ ትንሽ...»

«አያቴ አትበይኝ። ዛሬ እናቱ ነኝ።»

«እስከ መቼ ነው?»

ሚያሊያ በሩን ዘግታ ሄደች።

ኦሌፒካ ለኮሊን ደወለች። ኮሊን መጀመሪያ አዘነ፤ ቀጥሎ ተቆጣ። «ልጁ እኮ ፈቅዶ ነው የተቀረጸው!»

«ልጁ ፈቅዶ ነበር። እናቱ ደግሞ አሁን እንቢ አለች።»

«ኦሌፒካ፣ ስሚኝ። ስንት ዘመን ስለ እናንተ ሌላ ሰው ሲናገር ኖረ! አሁን በራሳችሁ አፍ ተናገራችሁ። ዓለም ሊሰማው ይገባል።»

«እናቴም በራሷ አፍ ተናግራ ነበር» አለችው። «ዓለም ሰምቷታል፤ ስለ ጫማ የምታወራ መስሎት። ማንም ምን ትፈልጊያለሽ ብሎ አልጠየቃትም። እኔ ሚያሊያን እንደዚያ አላደርጋትም።»

ስልኩ ተዘጋ። ከዚያ ስልክ በኋላ ሌላ በር ሁሉ ተራ በተራ ተዘጋባት። እምነት አይጣልባትም ተባለ፤ የሰው ልፋት አፈር ውስጥ የምትቀብር ሴት ተባለች። አዲስ ሐሳብ ይዛ ስትደውል በትሕትና ያዳምጧትና መልሰው አይደውሉም። እሷም መደወሉን ተወች። በመንደሩ ጤና ጣቢያ አስተርጓሚ ሆና ተቀጠረች፤ ነርሷ የተናገረችውን ለአሮጊቶች፣ አሮጊቶች የተናገሩትን ለነርሷ ስታቀብል ትውላለች። ክፉ ክፉውን ዜና ሁሉ ሰው የሚሰማው በእሷ አንደበት ስለሆነ፣ ከሩቅ ሲያዩዋት የሚደነግጡም ነበሩ።

መንደሩም ለሁለት ተከፈለ። ግማሹ «ደግ አደረገች» ሲል፣ ግማሹ «የሁላችንም ታሪክ ነው፤ በአንዲት ሴት እንባ ተቆልፎበት ይቀራል?» አለ። በፊልሙ ውስጥ የተጫወቱት ሽማግሌዎች ከሁሉ በላይ ተከፉ። አባባ ኩፓክ ጤና ጣቢያ በመጣ ቁጥር ያነሣባታል።

«እንዴት ሆኜ ነው የምታየው? ቆንጆ ነኝ?»

«በጣም ቆንጆ ነዎት አባባ።»

«እስኪ ልየው። ሌላውን ዝለይውና እኔ ያለሁበትን ብቻ አሳዪኝ።»

«እርስዎ ያሉበት ሁሉ ኢኖኪም አለበት። ሚያሊያን ይጠይቋት።»

«ሚያሊያንማ እንዴት ብዬ እጠይቃታለሁ!» ይልና ዱላውን ተደግፎ ይወጣል። ሳያየው ሞተ። ከእሱ በኋላ እናትየዋን ሆና የተጫወተችው ሴት በደቡብ ሆስፒታል ሞተች። ሌሎቹም አንድ በአንድ ተከተሉ። ኦሌፒካ ራሷ ፊልሙን አውጥታ አላየችውም፤ መደርደሪያው ላይ እንደ ታመመ ሰው ተኝቶ ከረመ።

ከብዙ ዓመታት በኋላ፣ የመጀመሪያው በረዶ በጣለበት ቀን፣ ኦሌፒካ ወለሉ ላይ ካርቶን አንጥፋ የቀዘቀዘ የአጋዘን ሥጋ ስትቆራርጥ በሩ ተከፈተ። ሚያሊያ ነበረች። ጠጉሯ ሙሉ በሙሉ ነጥቷል። ሰላም ሳትል ካርቶኑ አጠገብ ተቀመጠች፤ ቢላዋ አንሥታ ቆርጣ በላች።

«ጠፋብኝ» አለች ድንገት።

«ምንሽ?»

«ድምፁ። ፊቱን ፎቶ ላይ አየዋለሁ። ድምፁ ግን ካለፈው ክረምት ጀምሮ አልመጣ አለኝ። ስጠራው አንዳንዴ በአንቺ ድምፅ ይመልስልኛል፤ አንዳንዴ ደግሞ በዚያ በሬዲዮው ሰውዬ።» ሥጋውን አስቀመጠች። «አሰሚኝ።»

ኦሌፒካ እጇን ታጥባ ቴሌቪዥኑን አስተካከለች። ኢኖኪ ብቅ ሲል ሚያሊያ አላለቀሰችም። ልጇ እደጅ ያለ ይመስል ታናግረው ጀመር። «ቆብህን ልበስ! ጆሮህን ተመልከተው፣ ቀልቷል... እንዲህ ነው እንዴ ቢላዋ የሚያዘው? ማን አስተማረህ?» ኦሌፒካ ሳታስበው ሣቀች። ከዚያ መርከቡ ሄደ፤ ኢኖኪ በባሕሩ ዳር ሮጠ፤ ጠራ፤ ተቀመጠና ፊቱን በጓንቱ ሸፈነ። ሚያሊያ ወደ ቴሌቪዥኑ ጠጋ አለች። ለቅሶው ረጅም ነበር። ኦሌፒካ ያን ጊዜ አንዲት ቅንጣት እንኳ አልቆረጠችለትም ነበር።

«አልቅስ ብለሽው ነው?» አለች ሚያሊያ።

«እኔ ሩጥና ጥራ ብቻ ነው ያልኩት።»

«ታዲያ ምን ሆኖ ነው?»

ኦሌፒካ ያን ቀን የብርሃኑን ማማር፣ የድምፁን ጥራት፣ የራሷን ደስታ ታስታውሳለች። ምን ሆነህ ነው ብላ እንዳልጠየቀችው ግን ገና አሁን ታወቃት።

«አላውቅም» አለች።

«ከእኔ ጋር አንድ ቤት ነው የሚያድረው። ለእኔም አልነገረኝም።» ሚያሊያ ተነሥታ ካፖርቷን ደረበች። በሩ ጋ ስትደርስ ዞር ሳትል «አሳዪው» አለች። «ሰው ይየው። ምናልባት የሚያውቅ ይኖር ይሆናል።»

በመንደሩ አዳራሽ ታየ። ሕፃናት ሳይቀሩ መጡ። ሚያሊያ ከፊት ተቀመጠች። የሞተ ሰው ፊት ግድግዳው ላይ ብቅ ባለ ቁጥር አዳራሹ ውስጥ የትንፋሽ ድምፅ ይሰማል፤ ኩፓክ ድዱን አሳይቶ ሲሥቅ የልጅ ልጆቹ «ያ ማነው?» እያሉ ጠየቁ። እየቆየ ሲሄድ፣ ከሚታዩት ውስጥ በሕይወት ያለ ሰው መፈለጉ ነበር የሚያስቸግረው። ሲያልቅ ማንም አላጨበጨበም። ወንበሮች ተንኳኩ፤ እናቶች የልጆቻቸውን ዚፕ ሳቡ። አንዲት ሴት ለባሏ «ለካ ይህን ያህል ሰው ሞቶብናል» ስትለው ኦሌፒካ ሰማች። ኢኖኪ ምን ሆኖ እንዳለቀሰ አውቃለሁ ብሎ ሚያሊያ ዘንድ የቀረበ ሰው አልነበረም።

ፊልሙ በኋላ ወደ ደቡብም ሄደ። ጊዜው አልፎበት ስለነበር በትንንሽ አዳራሾች ታይቶ ቀረ። ጥሩ ነው ያሉ ነበሩ፤ ኦሌፒካ አልተከተለችውም። እሷ ሌላ ሥራ ይዛለች፤ የኢኖኪን ጓደኞች፣ ዛሬ ሆዳቸው የወጣና የልጆች አባት የሆኑትን፣ ካሜራ ሳትይዝ በየቤታቸው እየሄደች ትጠይቅ ጀመር። አንዱ ረሳሁት አለ። አንዱ የሌላ ወሬ አመጣ። ከኢኖኪ ጋር አቆስጣ ያድን የነበረው ሦስተኛው፣ የሞተር ብሎኑን እያጠበቀ ቆይቶ መለሰላት።

«ምን ሆኖ ነው ትያለሽ። ሁላችንም እንደዚያ እናለቅሳለን እኮ፤ ወደ በረዶው ወጥተን፣ ሞተር አስነሥተን፣ ሰው እንዳይሰማ። እሱን አንቺ ስለቀረጽሽው ነው የታየው።»

ኦሌፒካ ከዚያ ቀጥታ ወደ ሚያሊያ ቤት ሄደች። ሚያሊያ በመስኮቱ እያየቻት ቆይታ ኖሮ በሩን ከፍታ ጠበቀቻት።

«አገኘሽ?»

ኦሌፒካ አፍንጫዋን ጨምደድ አደረገች። በኑቩክ እንቢታና የለም የሚባለው እንደዚህ ነው። የሰማችውን ለእናት የምትነግርበት ቃል አላገኘችም። ሚያሊያ አላደረቀቻትም። ጠረጴዛው ላይ የነበረውን የዓሣ ሳህን ወደ እሷ ገፋ አደረገችላትና ሻይ ልትጥድ ተነሣች።